ሙሉእጅ የሚባለው ነፋስ

ሐሙስ፣ ሚያዝያ 11 ቀን 1965

አሥራ ሰባት ተማሪ። ትናንት አሥራ ዘጠኝ ነበሩ፤ መስከረም ላይ አርባ አራት። ስም ስጠራ "አቤት" ከሚለው ዝም የሚለው ስለበዛብኝ መጥራቱን ተውኩት። ዳይሬክተሩ የቀሩትን "በልዩ ልዩ ምክንያት" ብዬ እንድጽፍ አዝዞኛል። ልዩ ልዩ! ምክንያቱ አንድ ነው። እሱም ያውቀዋል፣ እኔም አውቀዋለሁ፤ ቃሉን ወረቀት ላይ የሚያሰፍር ግን የለም።

ሒሳብ ጀምሬ ነበር። መጽሐፉ "አንዲት እናት አሥራ ሁለት ዳቦ ጋገረች" ይላል። ዳቦ ስል ፊታቸውን አየሁና መጽሐፉን ዘጋሁት። እስከ ስድስት ሰዓት ገና ሁለት ሰዓት ተኩል ይቀራል። ምን ላድርጋቸው? ተረት ጀመርኩ። በዚህ እንኳ አልታማም፤ ደብረ ብርሃን ሳለሁ ጎረቤቱ ሁሉ ልጁን እኔ ዘንድ ነበር የሚያስተኛው።

ከዞብል ተራራ ጀርባ፣ ከአፋርም ማዶ፣ ነፋስ የሚያስተዳድረው አገር አለ አልኳቸው። ንጉሥ የለው፣ ምስለኔ የለው። (ይህን ዳይሬክተሩ አይስማ።) የነፋሱ ስም ሙሉእጅ ነው፤ ባዶ እጁን መጥቶ ስለማያውቅ። በዚያ አገር ማንም አያርስም። ሰው አውድማውን ይጠርጋል፣ በእበት ይለቀልቃል፣ እህል የሚያዘራበትን ላይዳ መሀል ላይ ያቆማል፣ ይጠብቃል። ሙሉእጅ ፀሐይ ስታዘቀዝቅ፣ ከአስር ሶላት በኋላ ከምሥራቅ ይነሣና አውድማውን ሦስት ጊዜ ዞሮ፣ እህሉን ቆልሎ ይሄዳል። ግን ወግ ይወዳል። ጫማ የረገጠውን አውድማ አይነካም። የተቆጠረበትን አይነካም። "አለቀ" የሚል ቃል የተነገረበትን ደግሞ ዞሮም አያየው።

ወጉን እኔ አልፈጠርኩትም። አምና ጥር ላይ፣ ማሽላ በነበረበት ጊዜ፣ በነጫማዬ አንድ አውድማ ላይ ልወጣ ስል ጦይባ ቀሚሴን ይዛ አስቆመችኝና ሁሉንም ነገረችኝ። ጦይባ ከተማሪዎቼ ሁሉ ጎበዟ ናት። አባቷ አያ እንድሪስ በዋጃ መንገድ፣ አንድ ሰዓት ተኩል በእግር የሚያስኬድ መንደር ውስጥ የሚኖሩ ገበሬ ናቸው።

ዛሬ ሰዓቱ እስኪያልቅ አንድም ልጅ ራሱን ዴስኩ ላይ አልጣለም። እንዲህ ያለ ቀን ካየሁ ቆየሁ።

አርብ፣ ሚያዝያ 12

ሃያ ስድስት! ከሌላ ክፍል ሾልከው የገቡም አሉ። "እትዬ፣ ሙሉእጅ!" ብለው ገና ከበር ያዙኝ። ደስ አለኝ፤ ምን እዋሻለሁ።

ቀጠልኩላቸው። ዳኛውም እሱ ነው አልኩ፤ ሁለት የተጣሉ ሰዎች ኮረብታ ላይ ይቆማሉ፣ ሙሉእጅ የበደለውን ኩታ ገፎ ለተበደለው ያለብሰዋል። ደብዳቤ የሚያደርሰውም እሱ ነው፤ መዳፍ ላይ ተናግሮ እጅን መዘርጋት ነው። ሽማግሌ ሆኖ ይላካል፤ በሩን ሦስቴ ካንኳኳ ልጅቷ ተሰጠች ማለት ነው። እዚህ ላይ ሴቶቹ ሳቁ። ሳቅ! ዳይሬክተሩ በመስኮት አይቶ ኖሮ፣ የተማሪው ቁጥር መጨመሩን ለአውራጃው እንደሚጽፍ ነገረኝ።

በምሳ ሰዓት የጦይባ እናት ሀዋ መጣች፤ ትንሿን ልጅ አዝላለች። ልትሰናበተኝ ነው። ወንድሟ ደሴ ወፍጮ ቤት ይሠራል፤ "ይምጡ፣ ከቤቴ ያድራሉ" ብሎ በጋሽ ተክሌ ልኮባታል። ጋሽ ተክሌ ከመቀሌ ጨው የሚያመላልስ ሹፌር ነው፤ ቅዳሜ ቅዳሜ በስድስት ሰዓት እዚህ ቆቦ ነዳጅ ማደያው ጋ ይቆማል። ጨው መሀል ሸሽጎ ይወስዳቸዋል። አውቶቡሶቹ እንደሆኑ የመንደር ሰው መጫን ትተዋል፣ ብትከፍላቸውም እንኳ፤ ኬላ ላይ ያስወርዱብናል ይላሉ።

"ወፍጮ ቤት ነው እቱ" አለችኝ ሀዋ፤ "ብናኙ እንኳ ያኖራል።"

ለጦይባ ደብተርና ሁለት እርሳስ ሰጠኋት። ከሄደች በኋላ አለቀስኩ፤ ግማሹ ከደስታ ነው።

ቅዳሜ፣ ሚያዝያ 13

ለመንገድ ብዬ የሽምብራ ቆሎ ቋጥሬ ከአምስት ሰዓት ጀምሮ ማደያው ጋ ቆምኩ። መኪናው በሰዓቱ መጣ። እነ ሀዋ የሉም። ጋሽ ተክሌ ራዲያተሩን ውሃ አጠጣ፣ ጎማውን መታ መታ አደረገ፣ ጡሩምባውን ነፋ። የሉም።

"ምን ላድርግ? ቦታ እያለኝ የለኝም ብዬ ልሂድ?" አለኝና እዚያው ከቆሙት አምስት ሰው ወደ ላይ አወጣ። ለአምስቱ ቦታ ሃያ ሰው ተጋፋ፤ አንዲት ሴት ነጠላዋ ተቀዶ በእጇ ቀረ። ከዚያ ሄደ።

ምን ገጥሟቸው ይሆን? ትንሿ ልጅ ታማ ይሆናል። ቆሎውን ይዤ ለመመለስ አፈርኩ። ከማደያው እስከ ቤቴ እኔ እንጃ ስንት እጅ ተዘረጋልኝ፤ በር ላይ ስደርስ ቋጠሮው ባዶ ነበር።

እሁድ፣ ሚያዝያ 14

ቤተ ክርስቲያን ሄድኩ። ቄሱ ስለ ትዕግሥት ሰበኩ።

ስመለስ ከግራሩ ሥር አንዲት ሴት ተጋድማ ነበር፤ የተኛች መስሎኝ አለፍኩ። ከሰዓት በኋላ ስወጣ ሰዎች በሰሌን ሲያነሷት አየሁ።

እኔ ሁዳዴን እጾማለሁ፣ እስከ ዘጠኝ ሰዓት። ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን የምበላው አለኝ። በሩን ዘግቼ፣ መስኮቱን ዘግቼ፣ ድምፅ እንዳይሰማ ቀስ እያልኩ እበላለሁ። ይህን ለማንም አልነግርም፤ ለዚህ ደብተር ካልሆነ።

ሰኞ፣ ሚያዝያ 15

ጦይባ ክፍል ውስጥ ተቀምጣ አገኘኋት! ልቆጣ ነበር፤ ጥፍሯ ሥር የደረቀ እበት አየሁ።

"ምነው ቅዳሜ ቀራችሁ?"

ግራ ቀኝ አየችና ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለች። "አባዬ አውድማውን ለቅልቆ ጨርሷል። ላይዳውንም አቁመናል። እትዬ፣ ወላሂ ማናችንም ያን ቃል አላልንም።"

መጀመሪያ ሳቅሁ። ከዚያ ነገሩ ገባኝ። ሐሙስ ማታ ለአባቷ ነግራለች፣ አንድም ወግ ሳታስቀር፤ አልኩ አይደል፣ ጎበዝ ናት። አርብ ማታ አባትየው "ደሴ አንሄድም" ብለዋል።

ወዲያው ክፍሉን ሁሉ አስነሥቼ ተናገርኩ። ተረት ነው፣ ከራሴ ያወጣሁት ነው፣ እንዲህ የሚባል ነፋስ የለም አልኩ። ሰሙኝ። ከዚያ ሁሉም እርስ በርስ ተያዩ፣ ከኋላ አንዷ አፏን በእጇ ሸፍና ፈገግ አለች። ምስጢር የምንጋራ ነበር የሚመስለው። ፈገግታዋ ለምን እንዳስፈራኝ አሁንም አልገባኝም።

አፍ ሲያመልጥ፣ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም ይላሉ። ራስ መመለጡስ ማንን ገደለ!

ማክሰኞ፣ ሚያዝያ 16

ከትምህርት በኋላ መንደሩ ሄድኩ። መንገዱ ላይ ያየሁትን አልጽፍም።

አውድማው ያምራል። እውነቴን ነው። ዙሪያው ሁሉ የተሰነጣጠቀ መሬት ሆኖ፣ መሀሉ ላይ እንደ ምጣድ ክብ፣ ለስላሳ፣ አንድ ጠጠር የሌለበት። ከብቶቹ ስላለቁ እበቱን ያገኙት የአፋር ግመሎች በሚያልፉበት መንገድ እየለቀሙ ነው፤ ሦስት ቀን ፈጅቶባቸዋል። በመኪናው ቢሄዱ ኖሮ በዚያ ሦስት ቀን ደሴ ደርሰው ነበር። አያ እንድሪስ ጥላ ውስጥ ተቀምጠዋል፤ ጉንጫቸው ገብቷል፣ ዓይናቸው ግን ይስቃል።

"ዘነበች እያልን ስንጠራሽ ሁለት ዓመታችን፣ ጠብ የሚል አጣን" አሉኝ ገና ሳያስቀምጡኝ፤ "ለካ አንቺ የነፋስ ኖረሻል!"

የወሎ ሰው ቀልድ ሳይበላም አያልቅበትም። ውሃ በቅል አቀረቡልኝ፤ ከሩቅ የተቀዳ ውሃ። መጠጣት አቃተኝ፣ አለመጠጣትም አቃተኝ።

"አያ እንድሪስ፣ ተረት ነው። እኔ ነኝ የፈጠርኩት" አልኳቸው።

ራሳቸውን ነቀነቁ። "እንግዲህ እንዲያ ነው የሚባል።"

"እንዴት?"

"ያውድማ ጌታ ‘ስንት ገባልህ?’ ሲሉት፣ ‘ኧረ ምንም የለ፣ ገለባ ነው’ ነው የሚል። አለኝ ያለ ለታ ዓይን ይበላዋል። የደጋ ልጅ ሆነሽ ወጉን ማወቅሽ ደስ አለኝ።"

"እኔ አውድማ የለኝም! የምደብቀው የለኝም!" ብዬ ጮህኩ።

"እሱን እኮ ነው የምልሽ" አሉኝ በርኅራኄ።

ሌላም አሉ። ለልጅ ተረት የሚያወራ ሰው ስለ ጅብና ስለ ጦጣ ያወራል፤ ጫማውን፣ ቁጥሩን፣ ያን ቃል የሚያውቅ ግን ያየ ነው። ደግሞ የመንግሥት ሰው ሆነሽ በይፋ እንዳትናገሪ ታዘሽ ይሆናል አሉ። እውነት ባልኩ ቁጥር የደበቅሁ እየመሰልኩ ሄድኩ። እንዲህ ያለ ወጥመድ አይቼ አላውቅም፤ ያጠመድኩትም እኔ ነኝ።

ሀዋ እስከ አጥሩ ሸኘችኝ። ቀስ ብላ "ቀድሞም መሄድ አልፈለገም" አለችኝ። "በአማች ቤት እጁን ታጥቦ መጠበቅ ሞቱ ነው። አንቺ ምክንያት ሰጠሽው።"

ትንሿ ልጅ ጀርባዋ ላይ ናት። ከዓይኗ ዝንብ አባረርኩላት፤ እሷ አላባረረችም።

ረቡዕ፣ ሚያዝያ 17

ሠላሳ አንድ ተማሪ። ዳይሬክተሩ እጄን ጨበጠኝ።

ትናንት ማታ የመስጊዱን ሼህ ኑሩን ለመንኳቸው፤ እርስዎ ቢነግሯቸው አያ እንድሪስ ይሰማሉ ብዬ። ዛሬ ጠዋት በበቅሏቸው ሄደው ነበር። ተመልሰው የነገሩኝ ይህ ነው። "‘ተረት ነው ብላለች’ አልኩት። ‘ሼሁም ደበቁ’ ብሎ እጄን ሳመኝ። ልጄ፣ ሰው አውድማውን መጥረጉ ሐራም አይደለም። ምን ብዬ ልከልክለው? ዱዓ አድርጌ መጣሁ።"

ሌሎችም መጥረግ ጀምረዋል አሉኝ፤ አራት ይሁን አምስት አውድማ። መቁጠር አይገባም ብለው በትክክል አልነገሩኝም።

ተረቱን አቁሜያለሁ። ልጆቹ አልጠየቁኝም። ዝም ብለው ይመጣሉ፣ ዝም ብለው ያዩኛል፤ በጨዋነት።

ሐሙስ፣ ሚያዝያ 18

ሀዋ ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ላይ በሬ ላይ ቆማለች። አልተቀመጠችም። ትንሿ ከትናንት ጀምሮ ጡት መጥባት ትታለች።

"ከነገ ወዲያ ቅዳሜ ነው" አለች። "ይህን መኪና ካጣን ሌላ ቅዳሜ አንደርስም። ይቺ አትደርስም።"

"ትተሽው ሂጂ፤ ልጆቹን ይዘሽ ሂጂ" አልኳት።

"ጦይባ አባቷን ትታ አትሄድም። እኔስ? እዝያ ሜዳ ላይ ለጅብ ትቼው ልሂድ?" ከዚያ ጣቷን ደረቴ ላይ አደረገች፤ አልጠነከረችብኝም። "አንቺ ያሰርሽውን አንቺ ፍቺ።"

የምበላው ዳቦ ነበረኝ፤ ግማሹን ሰጠኋት። ግማሹን ብቻ። አሁን ስጽፈው ያፈርኩት ለምን ግማሹን እንዳስቀረሁ ስለማላውቅ ነው።

እንዴት ነው የሚፈታው? ተረት ነው አልኩ፤ አልሆነም። ሼህ ላክሁ፤ አልሆነም። ቀኑን ሙሉ ስዞር ዋልኩ። እውነት የማይገባበት ቤት ከሆነ በሌላ በር መግባት ነው ያለኝ። አንድ ነገር አስቤያለሁ፤ ደስ አይልም።

አርብ፣ ሚያዝያ 19፣ ስቅለት

አደረግሁት።

ሰው ሁሉ ሲሰግድ እኔ ወደ መንደሩ ሄድኩ። የደረስኩት አስር ሶላት ካበቃ በኋላ ነው። አያ እንድሪስ፣ ጦይባና ሀዋ ከአውድማው ዳር ተቀምጠው ወደ ዞብል ያያሉ። በሌሎቹም አውድማዎች ዳር ሰዎች ተቀምጠዋል። እንዲህ ያለ ፀጥታ ሰምቼ አላውቅም። ትንሽ ነፋስ ነበር፤ አቧራ ያነሣል፣ ይጥላል።

ሰላም አላልኩም። በነጫማዬ አውድማው ላይ ወጣሁ። መሀል ድረስ ሄድኩ፤ ተረከዜ ልቅላቂውን እየሰበረው ቅርፊቱ ይሰማኝ ነበር። ላይዳውን ጣልኩት። ከዚያ በዳሩ የተደረደሩትን ድንጋዮች በጣቴ እያመለከትኩ ጮክ ብዬ ቆጠርኩ፣ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ እስከ መጨረሻው። ከዚያ ያን ቃል አልኩት። አለቀ። አለቀ። ሦስተኛውን ስል ድምፄ እንደ እብድ ሆኖ ነበር።

እንዲደበድቡኝ ጠብቄ ነበር። ቢደበድቡኝ ደስ ይለኝ ነበር። አያ እንድሪስ ሁለት እጃቸውን ራሳቸው ላይ ጫኑና እንደ ሐዘንተኛ ተቀመጡ።

"ምን አደረግሁሽ?" አሉኝ። "አስተማሪት፣ እኔ ምን አደረግሁሽ?"

ጦይባ አላየችኝም፤ ፊቷን እናቷ ቀሚስ ውስጥ ቀብራለች። ከዚያኛው አውድማ አንድ ሽማግሌ ተነሥተው ወደኔ ምራቃቸውን ተፉ። ሀዋ ብቻ ቀና ብላ አየችኝ፤ አመሰገነችኝ ወይስ ረገመችኝ አላውቅም።

ወደ ቤት እየሮጥኩ መጣሁ። ጫማዬን አውልቄ ከበር ውጭ ጣልኩት።

ቅዳሜ፣ ሚያዝያ 20

መጡ! አራቱም መጡ!

አያ እንድሪስ ከፊት፣ በምርኩዝ፤ ሀዋ ሕፃኗን አዝላ፤ ጦይባ ደብተሯን በነጠላ ጠቅልላ። የረከሰ አውድማ ምን ይጠበቃል? ቤታቸውን በእሾህ አጥረው መጥተዋል። እኔ ከማደያው ግድግዳ ጀርባ ቆሜ ነበር፤ ካዩኝ ይመለሳሉ ብዬ ፈራሁ። ጋሽ ተክሌ አንድ በአንድ ደግፎ አወጣቸውና በጨው ጆንያዎቹ መሀል አስቀመጣቸው፣ ሸራ አለበሳቸው። ለሕፃኗ ብዬ የሰጠሁትን ስኳርና የፈላ ውሃ ተቀበለኝ፤ ከኔ ነው እንዳይል ለመንኩት።

መኪናው ሲነሣ ጦይባ በሸራው ቀዳዳ አየችኝ። እጄን አነሣሁ። እሷ አላነሣችም። ምንም አይደለም! ትጥላኝ፣ በሕይወት ትኑርና ዕድሜዋን ሙሉ ትጥላኝ።

ትከሻዬ እንዲህ ከቀለለኝ ከወር በላይ ሆኖኛል። ዛሬ ቀዳም ሹር ነው፤ ቄሱ ቄጤማ ሊያዞሩ መጡ። ቄጤማው ደረቅ ነው፤ ከየት እንዳመጡት እግዜር ይወቅ።

እሁድ፣ ሚያዝያ 21

ፋሲካ። ከጎረቤት የፖሊስ ሚስት ዶሮ ላከችልኝ፤ አንድ እግር። በላሁ፣ ከዚያ አስመለሰኝ። እስከ ስምንት ሰዓት ድረስ ተኛሁ። ደሴ ገብተው ይሆናል። ወንድሟ በር ላይ ቆሞ፣ ዱቄት የነካው እጁን እያራገፈ ሲቀበላቸው ይታየኛል። ሕፃኗ ጠብታ ትጠባ ይሆናል።

ሌሎቹ አውድማዎች? ከኔ በኋላ ሁሉም ትተውታል አሉኝ። ሁለት ቤተሰብ ወደ አላማጣ ሄዷል። የተፉብኝ ሽማግሌ ግን ስሜን እየጠሩ ይራገማሉ፤ ነፋሱን ያባረረች እያሉ። ይሁን።

ሰኞ፣ ሚያዝያ 22

ጠዋት ውሃ የምታመጣልኝ ሴት፣ "አያ እንድሪስ ጎህ ሲቀድ በዋናው መንገድ ወደ መንደራቸው ሲያልፉ አየኋቸው" አለችኝ። ተሳስተሽ ነው አልኳት። "ኧረ እሳቸው ናቸው፤ ምርኩዛቸውን አላውቅም?" አለች።

እየሮጥኩ ሄድኩ።

አውድማው ላይ ናቸው። በሻካራ ድንጋይ የረከሰውን ልቅላቂ እየፋቁ ያነሣሉ፤ አዲስ እበት በጋቢያቸው ጫፍ ቋጥረው አጠገባቸው አስቀምጠዋል። ኋላ እንደነገሩኝ፣ መኪናው በደሴ መንገድ ጎብዬ ላይ ውሃ ሊወስድ ሲቆም፣ ልሽና ብለው ወርደው ቀርተዋል። ለሀዋ "ቀጥይ፣ አውድማውን አድሼ እደርሳለሁ" ብለዋታል። ከጎብዬ እዚህ ድረስ በእግራቸው! አንዴ ፍቀው ሁለቴ ያርፋሉ።

ጫማዬን ዳር ላይ አውልቄ ተቀመጥኩ። ቀና ብለው አዩኝ።

"ደግሞ ልታረክሽው መጣሽ?"

"አይደለም።"

"እንግዲያ ተቀመጪ።" ፍቃታቸውን ቀጠሉ። ቂም የሌለበት ሰው እንዴት ይጨንቃል!

እውነቱን እንደገና ሞከርኩ። ልጆቹ ይጠብቁዎታል፣ ትንሿ ታማለች፣ ሀዋ ብቻዋን ናት አልኩ። "አውድማ የሌለው ወንድ እዝያ ሂዶ ምን ሊሆን?" አሉኝ። ፀሐዩ ናላ ያዞራል። ውሃ ሰጠኋቸው፤ ትንሽ ጠጡ፣ የቀረውን እበቱ እንዲርስ አፈሰሱት። ያን ጊዜ ነው እዚህ ቁጭ ብለው እንደሚሞቱ የገባኝ፤ ነገ ወይም ከነገ ወዲያ፣ ለስላሳ አውድማ ላይ።

ስለዚህ ዋሸሁ።

"ያልነገርኳችሁ አለ" አልኩ። እጃቸው ቆመ።

"ሙሉእጅ የሚፈልገው አውድማውን አይደለም፤ የባለ አውድማውን ልጆች ነው። ልጆቹ የሌሉበት ቦታ አይወርድም። ዞብልን ሲሻገር የት አሉ ብሎ ይጠይቃል። አሁን እዚህ ማንም የለም። የሚሄደው እነሱ ወዳሉበት ነው።"

"ደሴ?"

"ደሴ።"

"አውድማ አለ ደሴ?"

"ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ ሜዳ አለ።" ደሴ ወፍጮ ቤት ጀርባ ምን እንዳለ በምን አውቄ?

ለረጅም ጊዜ ወደ ምሥራቅ አዩ። ከዚያ ዞረው አዩኝ፤ እንደ ሽማግሌ ዳኛ፣ እንደ አባት።

"ይኸን ምነው ከመጀመሪያው አልነገርሽን?"

በጋቢው ጫፍ የቋጠሩትን እበት ደፉ፣ ጋቢውን አራገፉ፣ ላይዳውን ትከሻቸው ላይ አደረጉ። አሸነፍኩ! ብዬ ደስ አለኝ። ለአንድ ደቂቃ ያህል።

"እኔ ቤት ያርፋሉ" አልኳቸው፤ "እስከ ቅዳሜ ያለኝን አበላዎታለሁ፤ ቅዳሜ ጋሽ ተክሌ ይወስድዎታል።"

"ቅዳሜ?" አሉ። "እሱ ቅዳሜን ይጠብቃል ብለሽ ነው? እኔ ከመድረሴ በፊት ቢመጣ፣ ላይዳ የለ፣ የጠረገ የለ። ሴትና ሕፃን ብቻ አግኝቶ ቢመለስስ?"

"አይመለስም፤ ይጠብቃል" አልኩ። "እርስዎን ይጠብቃል።"

"አየሽ፣ አሁን ነው ተረት ያወራሽ" አሉኝና ሳቁ። እውነተኛ ሳቅ ነበር።

ለመንኳቸው። መሬት ላይ ተንበርክኬ ለመንኳቸው፤ ልብሳቸውን ያዝኩ። እንደ ልጅ ጣቶቼን አንድ በአንድ አላቀቁኝ። ደሴ በእግር ለጤነኛ ሰው እንኳ አራት አምስት ቀን ነው። አብረን በቆቦ አለፍን፣ ቤቴ ገብተው እህል እንዲቀምሱ በግድ አስቆምኳቸው፤ ሁለት ጉርሻ በልተው ተነሡ። ያለችኝን ቆሎና ውሃ አሸከምኳቸው። ላስቆመው የሞከርኩት አንድ የጭነት መኪና ላይዳ የያዘ ሽማግሌ አይቶ አልቆመልኝም፤ ሌላውም።

እስከ ሮቢት ሸኘኋቸው። እዚያ ላይ "ተመለሺ፣ ልጆች ይጠብቁሻል" አሉኝ፣ ትከሻዬን ሳሙኝ፣ መረቁኝ። የመረቁኝ በምን እንደሆነ አልሰማሁም፤ አለቅስ ነበር። ላይዳውን እየቀያየሩ፣ ከቀኝ ትከሻ ወደ ግራ፣ ከግራ ወደ ቀኝ፣ መንገዱ እስኪታጠፍ ድረስ አየኋቸው። አንዴ ብቻ ተቀመጡ፤ ከዚያ ተነሡ።

አሁን ቤት ነኝ። ጋሽ ተክሌ ቅዳሜ ወደ ደሴ ሲያልፍ መንገድ መንገዱን እንዲያይ እነግረዋለሁ። ውሃው እስከ ጎብዬ ይበቃቸው ይሆናል።